ዓይናቸውን ሸፍነው የሚጠይቁት እነማን ነበሩ? የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ስለ ቀደምት የአሜሪካ ቴሌቪዥን የጥያቄ ጨዋታዎች፣ በተለይም «ዋትስ ማይ ላይን?» ስለተባለው ዝነኛ ፕሮግራም የጻፉልን አንባቢያን በርከት ስላሉ የዚህን እትም አምድ ሙሉ በሙሉ ለእነርሱ ሰጥተነዋል። ጥያቄዎቹን ለቦታ ስንል አሳጥረናቸዋል፤ ተመሳሳይ የሆኑትንም አንድ ላይ አድርገናል። በመልሶቹ ውስጥ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ በኢንተርኔት አንድ ጥቁርና ነጭ ቪዲዮ አየሁ። አራት ሰዎች፣ ሴቶቹ የራት ግብዣ ቀሚስ ለብሰው፣ ወንዶቹ ቀስተ ክራባት አስረው፣ ዓይናቸውን ሸፍነው በአንድ ረጅም ጠረጴዛ ዙሪያ ተደርድረዋል። አንድ ሰው ገብቶ በጥቁር ሰሌዳ ላይ ስሙን ሲጽፍ አዳራሹ በጭብጨባ ተናወጠ። ይህ ምን ዓይነት ጨዋታ ነው? አሸናፊውስ እንዴት ይለያል?

መልስ፦ ጠያቂያችን ያዩት «ዋትስ ማይ ላይን?» የተባለውን ፕሮግራም ነው፤ ስሙ «ሥራዬ ምንድን ነው?» እንደማለት ነው። ሲ.ቢ.ኤስ. የተባለው የአሜሪካ የቴሌቪዥን ጣቢያ ለመጀመሪያ ጊዜ ያሰራጨው የካቲት 2 ቀን 1950 ከኒው ዮርክ ሲሆን፣ አዘጋጆቹ ማርክ ጉድሰንና ቢል ቶድማን ነበሩ። በዚያው ዓመት ወደ እሑድ ምሽት ተዛውሮ እስከ መስከረም 3 ቀን 1967 ድረስ፣ በጠቅላላው 876 ጊዜ ታይቷል።

ሕጉ ቀላል ነው። እንግዳው ይገባል፤ የፕሮግራሙ መሪ በሰሌዳው ላይ ስሙን እንዲጽፍ ይጋብዘዋል፤ ከዚያም ከመሪው አጠገብ ይቀመጣል። በዚህ ጊዜ የእንግዳው ሥራ በአዳራሹ ላለው ታዳሚና በቤቱ ለሚመለከተው ሁሉ በጽሑፍ ይገለጣል። ሥራውን የማያውቁት አራቱ ጠያቂዎች ብቻ ናቸው፤ ለእነርሱ የሚነገራቸው እንግዳው ደመወዝተኛ ይሁን ወይም በግሉ የሚሠራ፣ አንዳንዴም ሥራው ከዕቃ ጋር ይያያዝ ወይም ከአገልግሎት ጋር ብቻ ነው። ከዚህ በኋላ ጠያቂዎቹ በየተራ «አዎ» ወይም «አይደለም» ተብሎ ሊመለስ የሚችል ጥያቄ ያቀርባሉ። «አዎ» የተባለለት ሰው መጠየቁን ይቀጥላል፤ «አይደለም» ከተባለ ግን መሪው ከፊቱ ካሉት ካርዶች አንዱን ይገለብጣል፣ እንግዳው 5 ዶላር ያገኛል፣ ተራውም ለሚቀጥለው ጠያቂ ያልፋል። ካርዶቹ አሥር ናቸው፤ አሥሩም ከተገለበጡ እንግዳው በ50 ዶላር አሸንፎ ይሰናበታል። ጠያቂዎቹ ግራ ሲገባቸው እርስ በርሳቸው በሹክሹክታ እንዲመካከሩ የሚፈቀድበት ጊዜም ነበር።

በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ዛሬ ሲታይ ትንሽ የሚያስገርም ልማድ ነበራቸው። እንግዳው ከመቀመጡ በፊት በጠያቂዎቹ ፊት ያልፋል፤ እነርሱም እጁን፣ ልብሱን፣ አንዳንዴም ክንዱን አይተው በአንድ ቃል ይገምታሉ። ይህ ልማድ በኋላ ቀርቷል፤ በእኔ አስተያየትም መቅረቱ ጨዋታውን አሻሽሎታል፤ ምክንያቱም ሰውን በመልኩ መመዘን ቀርቶ በጥያቄ ብቻ መፈለግ ግድ ሆነ።

ጠያቂያችን ያዩት የዓይን መሸፈኛ ለአንድ እንግዳ ብቻ የሚደረግ ነው። በእያንዳንዱ ምሽት «ምስጢራዊ እንግዳ» የሚባል ታዋቂ ሰው ይቀርባል፤ ፊቱን አገር ስለሚያውቀው ጠያቂዎቹ ዓይናቸውን መሸፈን ነበረባቸው፤ እንግዳውም በድምፁ እንዳይታወቅ ድምፁን ይለውጣል። በዚያች የመጀመሪያ ምሽት የቀረበው ምስጢራዊ እንግዳ የኒው ዮርክ ያንኪስ የቤዝቦል ተጫዋች ፊል ሪዙቶ ሲሆን፣ ከተራ እንግዶቹ መካከል ደግሞ ስቶርክ ክለብ በተባለው የኒው ዮርክ የምሽት ክለብ የደንበኞችን ባርኔጣ እየተረከበች የምታስቀምጥ ወጣት ነበረች። ፕሮግራሙን የምወድበት ምክንያት ከዚያች የመጀመሪያ ምሽት ጀምሮ ይታያል፤ ባርኔጣ ተቀባይዋና የቤዝቦሉ ኮከብ በአንድ ወንበር ተቀምጠዋል፣ በአንድ ሰሌዳ ላይ ጽፈዋል፣ ከጨዋታው ሊያገኙት የሚችሉት ገንዘብም እኩል ነው።

ጥያቄ፦ ሽልማቱ 50 ዶላር ብቻ ከሆነ ሰው ምን ብሎ ይወዳደራል? በዚያው ዘመን በሌሎች ፕሮግራሞች በአሥር ሺሕ የሚቆጠር ዶላር ይሸለም እንደነበር አንብቤአለሁ።

መልስ፦ ያነበቡት ትክክል ነው። ከ1955 ጀምሮ እስከ 64,000 ዶላር የሚያስገኝ የጥያቄ ውድድር በዚያው በሲ.ቢ.ኤስ. ይታይ ነበር፤ ኤን.ቢ.ሲ. የተባለው ተፎካካሪ ጣቢያም «ትዌንቲ ዋን» የሚባል ውድድር ነበረው። በዚህ ውድድር ቻርልስ ቫን ዶረን የተባለ የዩኒቨርሲቲ መምህር ከሳምንት ሳምንት እያሸነፈ 129,000 ዶላር ደርሶ ስሙ በአገሩ ሁሉ ገነነ። ይሁን እንጂ በ1958 አንዳንድ ውድድሮች መልሱ አስቀድሞ ለተመረጡ ተወዳዳሪዎች የሚነገርባቸው መሆናቸው ተጋለጠ፤ ቫን ዶረንም ኅዳር 2 ቀን 1959 በአሜሪካ ምክር ቤት ኮሚቴ ፊት ቀርቦ ጥያቄዎቹም መልሶቹም አስቀድመው ይሰጡት እንደነበር አመነ። በ1960 እንዲህ ያለ ማጭበርበር ወንጀል ተብሎ በሕግ ተደነገገ፤ ታላላቆቹ ውድድሮችም ከዚያ በፊት አንድ በአንድ ከሥርጭት ወርደው ነበር።

«ዋትስ ማይ ላይን?» ግን በዚያ ማዕበል ውስጥ ቆሞ ቀረ። ለ50 ዶላር ሲል የሚያጭበረብር ሰው አይኖርም፤ ከዚህም በላይ ተመልካቹ መልሱን አስቀድሞ ስለሚያውቅ የሚጠብቀው የገንዘቡን መጠን ሳይሆን አራት ብልህ ሰዎች ወደ መልሱ የሚጓዙበትን መንገድ ነው። የሽልማቱን ማነስ እንደ ጉድለት የሚያዩ አንባቢዎች ይኖራሉ፤ እኔ ግን አዘጋጆቹ ከወሰኗቸው ውሳኔዎች ሁሉ የበለጠው ይህ ነው ባይ ነኝ። ገንዘቡ ከፍ ቢል ኖሮ እንግዳው ይጨነቃል፣ ጠያቂው ይጠነቀቃል፣ ሳቁም ይጠፋል። ካርዶቹ የነጥብ መቁጠሪያ እንጂ ሀብት አልነበሩም፤ መሪው ጊዜ ሲያጥረው ካርዶቹን ሁሉ ገልብጦ ሙሉውን ገንዘብ ለእንግዳው የሚሰጥበት ምሽት ብዙ ነበር፤ ማንም ተበደልኩ አላለም።

ጥያቄ፦ መሪው ለአንድ አጭር ጥያቄ ረጅም ማብራሪያ ሲሰጥ አየሁ፤ መጨረሻ ላይ «አዎ» ማለቱ ይሁን «አይደለም» ማለቱ እንኳ አልገባኝም። ሰውየው ማን ነው?

መልስ፦ ጆን ዴሊ ይባላል። በ1914 በደቡብ አፍሪካ ጆሃንስበርግ ተወልዶ በአሜሪካ ያደገ የዜና ሰው ነው። ታኅሣሥ 7 ቀን 1941 ጃፓን ፐርል ሃርበርን መደብደቧን፣ በ1945 ደግሞ የፕሬዚዳንት ሩዝቬልትን ሞት በሲ.ቢ.ኤስ. ሬዲዮ ለአድማጭ ያሳወቀው ድምፅ የእርሱ ነው። በ1950ዎቹ ውስጥ ደግሞ የተፎካካሪው ጣቢያ የኤ.ቢ.ሲ. የዜና ክፍል ኃላፊ ሆኖ እየሠራ እሑድ ምሽት በሲ.ቢ.ኤስ. ይህንን ጨዋታ ይመራ ነበር። ዛሬ እንዲህ ያለ ነገር ማሰብ ያስቸግራል።

የማብራሪያው መርዘም የተፈጥሮው ብቻ አልነበረም። እንግዳው አብዛኛውን ጊዜ ካሜራ ፊት ቀርቦ የማያውቅ ሰው ነው፤ በድንጋጤ የተሳሳተ መልስ ከሰጠ ጠያቂዎቹ መንገድ ይስታሉ፣ ጨዋታውም ይበላሻል። ስለዚህ ዴሊ ወደ እንግዳው ጎንበስ ብሎ በሹክሹክታ ይመካከርና መልሱን በጥንቃቄ ያስተካክለዋል፤ «በአንድ በኩል ሲታይ አዎ፣ በጠቅላላው ግን ሊያሳስታችሁ ስለሚችል አይደለም እላለሁ» የሚል ዓይነት አነጋገር ያዘወትር ነበር። አንዳንዶች ይህን ጠያቂዎቹን ሆን ብሎ ማደናገር አድርገው ያዩታል። ብዙ ምሽቶችን ላየ ሰው ግን የዴሊ ጭንቀት ፍትሐዊ ለመሆን እንደነበር ግልጽ ነው፤ እንግዳውን በስሙ ሳይሆን በአክብሮት መጠሪያው ሲጠራው፣ ሲገባም ሲወጣም ተነሥቶ እጁን ሲጨብጠው ይታያል።

ጥያቄ፦ በሁለትና በሦስት ደቂቃ ውስጥ የሰው ሥራ እንዴት ይታወቃል? አስቀድሞ ካልተነገራቸው በቀር የሚቻል አይመስለኝም። (ሦስት አንባቢዎች)

መልስ፦ ይቻላል፤ እንዴት እንደሚቻልም በመጠኑ ዘርዘር አድርጌ ላስረዳ።

አንድ ጥያቄ ያሉትን አማራጮች ለሁለት እኩል ከከፈለ ግማሹን ይጥልልናል። አሥር እንዲህ ያሉ ጥያቄዎች 1,024 አማራጮችን ለይተው አንድ ላይ ያደርሳሉ፤ ሃያ ጥያቄዎች ደግሞ 1,048,576 ያህሉን። በዓለም ላይ ስም ያላቸው ሥራዎች ከዚህ ቁጥር ብዙ ስለሚያንሱ በሃያ ጥሩ ጥያቄ ማንኛውንም ሥራ ማግኘት የሚገርም ነገር አይደለም። የሚገርመው ጥሩ ጥያቄ በቶሎ ማሰብ መቻል ነው።

በዚህ ጨዋታ ግን አንድ ልዩ ነገር አለ። «አዎ» ምንም አያስከፍልም፤ «አይደለም» ግን ተራ ያሳጣል፣ ካርድም ያስገለብጣል። ስለዚህ ጠያቂው «አዎ» የሚባልበትን ይሻል። ይሁንና «አዎ» እንደሚባል እርግጠኛ የሆነበትን ቢጠይቅ ምንም አዲስ ነገር አይማርም። የጨዋታው ጥበብ በእነዚህ በሁለቱ መካከል ነው፤ ልምድ ያለው ጠያቂ ጥርጣሬውን አዙሮ ያቀርበዋል። «ሥራዎ ከሕክምና ጋር ይያያዛል?» ብሎ «አይደለም» ከመባል «ሕክምናን ትቼ ሌላ ቦታ ብፈልግ ይሻላል?» ብሎ «አዎ» ማሰኘት የተሻለ ነው። የተገኘው ዕውቀት አንድ ነው፤ ተራው ግን ከእጁ አልወጣም።

እኔ ራሴ ባዘጋጀሁት ምሳሌ ላሳይ። እንግዳው የሕንፃ አሳንሰር ጠጋኝ ነው እንበል፤ ጠያቂዎቹ የሚያውቁት ደመወዝተኛ መሆኑንና አገልግሎት መስጠቱን ብቻ ነው። «ሰዎች እርስዎ ዘንድ ይመጣሉ?» አይደለም፤ 5 ዶላር። ሁለተኛው ጠያቂ፦ «እንግዲያው እርስዎ ወደ ሥራው ይሄዳሉ?» አዎ። «የሚሄዱበት ቦታ ሕንፃ ውስጥ ነው?» አዎ። «መኖሪያ ቤት ውስጥ?» በአብዛኛው አይደለም፤ 10 ዶላር። ሦስተኛው፦ «እጅዎ የሚነካው ግዑዝ ነገር ነው?» አዎ። «ይንቀሳቀሳል?» አዎ። «ሰው ውስጡ ሊገባ ይችላል?» አዎ። ሕንፃ ውስጥ ያለ፣ የሚንቀሳቀስ፣ ሰው የሚገባበት ነገር ከአንድ በላይ አይገኝም። ለሦስት ጠያቂዎች ሰባት ጥያቄዎች በቅተዋል፤ የተገለበጡትም ሁለት ካርዶች ብቻ ናቸው። ለእያንዳንዱ ጥያቄ መነሻ የሆነው ከፊቱ ያለው መልስ መሆኑን ልብ ይበሉ፤ ጠያቂው የጓደኛውን መልስ ካላዳመጠ ጨዋታው ወደ ጭፍን ግምት ይወርዳል።

ከዚህ ጋር የሚነሣ አንድ ዝነኛ ጥያቄ አለ። ኮሜዲያኑ ስቲቭ አለን ከጠያቂዎቹ አንዱ ሆኖ በገባበት በ1953፣ እንግዳው የሚሠራውን ዕቃ መጠን ለማወቅ «ከዳቦ ሳጥን ይበልጣል?» ብሎ ጠየቀ፤ በዚያ ዘመን በአሜሪካ ወጥ ቤት ሁሉ ዳቦ ማስቀመጫ ሳጥን ስለነበር መለኪያው ለማንም ግልጽ ነው። ጥያቄው ተወደደና በየምሽቱ ይነሣ ጀመር። አንድ ምሽት ታዲያ የቀረበው እንግዳ ራሱ የዳቦ ሳጥን ሠሪ ሆኖ ተገኘ፤ ዶርቲ ኪልጋለን ሳታውቅ «ከዳቦ ሳጥን ይበልጣል?» ስትል ዴሊ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው፤ በሳቁም ስቲቭ አለን መልሱን አገኘ።

ጥያቄ፦ ጠያቂዎቹ እነማን ነበሩ? ከመካከላቸው አንዷ ፕሮግራሙ በተላለፈ ማግሥት ሞታ ተገኘች የሚባለው እውነት ነው?

መልስ፦ ለረጅም ዓመታት በወንበራቸው የጸኑት ሦስት ናቸው። አርሊን ፍራንሲስ ተዋናይት ነበረች፤ በአንገቷ ላይ የምታደርጋት የልብ ቅርጽ ያላት ጌጥ መታወቂያዋ ሆና ነበር። ቤኔት ሰርፍ ራንደም ሃውስ የተባለውን የመጻሕፍት አሳታሚ ድርጅት በ1927 ከመሠረቱት ሁለት ሰዎች አንዱ ነው። ዶርቲ ኪልጋለን ጋዜጠኛ ነበረች። አራተኛው ወንበር ብዙ ሰዎች የተፈራረቁበት ሲሆን፣ ቀልደኛው ፍሬድ አለን በ1956 እስኪሞት ድረስ ተቀምጦበታል።

ሰርፍ የገባበት ሁኔታ የዘመኑን ድባብ ስለሚያሳይ ላንሣው። ከመጀመሪያው ምሽት ጀምሮ የነበረው ገጣሚ ልዊስ አንተርማየር በ1951 ከፕሮግራሙ ተሰናበተ፤ ምክንያቱም ኮሙኒስት ወይም የኮሙኒስት ወዳጅ ተብለው የተጠረጠሩ ሰዎች ስም በሚሰራጭበት በዚያ ዘመን የእርሱም ስም ተነሥቶ ተቃውሞ ስለ በዛ ነው። በእርሱ ወንበር ሰርፍ ተተካ። ስለዚህ ፕሮግራም ሲጻፍ ሳቁና ጌጡ ብቻ ይነሣል፤ የአንተርማየር ነገር አብሮ ሊነሣ ይገባዋል ብዬ አምናለሁ።

ስለ ኪልጋለን የሰሙት እውነት ነው። እሑድ ኅዳር 7 ቀን 1965 በቀጥታ በተላለፈው ፕሮግራም ላይ እንደወትሮዋ ተገኝታ ነበር፤ በማግሥቱ ኒው ዮርክ በሚገኘው ቤቷ ሞታ ተገኘች። መርማሪው ሐኪም ለሞቷ ምክንያት የሆነው የአልኮልና የእንቅልፍ መድኃኒት መደራረብ መሆኑን ገልጾ፣ እንዴት እንደደረሰ ግን አልተወሰነም ብሎ መዝግቧል። የፕሬዚዳንት ኬኔዲን ግድያ ጉዳይ ትከታተል ስለነበር ከዚያ ወዲህ ብዙ መላምት ተነግሯል፤ ይህ አምድ መላምቶቹን አያስተናግድም። በሚቀጥለው እሑድ ተዋናይት ኪቲ ካርላይል በወንበሯ ተቀምጣ፣ ባልደረቦቿም ስለ እርሷ ተናግረው ጨዋታው ቀጥሏል።

ጥያቄ፦ ከምስጢራዊ እንግዶቹ መካከል እርስዎን ያስገረመዎት የትኛው ነው?

መልስ፦ ሠዓሊው ሳልቫዶር ዳሊ ነው፤ ለቀረበለት ጥያቄ ሁሉ ማለት ይቻላል «አዎ» ብሎ መለሰ። ጸሐፊ ነዎት ሲባል አዎ፣ በመድረክ ይታያሉ ሲባል አዎ፤ ጠያቂዎቹ ይህ ሰው የማይሠራው ነገር የለም እስኪሉ ድረስ። ዴሊ በየመካከሉ እየገባ መልሱ እንዳያሳስታቸው ለማረም ተቸገረ። ዳሊ ግን አልዋሸም፤ ራሱን የሚያየው እንደዚያ ነበር።

ከእርሱ ሌላ የፕሬዚዳንት ሩዝቬልት ባለቤት የነበሩት ኤሊኖር ሩዝቬልት በ1953፣ የሥነ ሕንፃው ሊቅ ፍራንክ ሎይድ ራይት በ1956 ቀርበዋል። የተጠበሰ ዶሮ በመሸጥ የሚታወቁት ኮሎኔል ሳንደርስ ደግሞ በ1963 የመጡት እንደ ተራ እንግዳ ነው፤ ፊታቸው ገና በሰፊው ስላልታወቀ ዓይን መሸፈን አላስፈለገም። ከዚህም የሚደንቀው የጂሚ ካርተር ነው። ፕሮግራሙ ከ1968 እስከ 1975 በሌላ መልክ ለየጣቢያው እየተሸጠ ሲታይ፣ በ1973 የጆርጂያ ግዛት አስተዳዳሪ ሆነው ቀርበው ነበር፤ ጠያቂዎቹ ያለ መሸፈኛ እያዩአቸው ማን እንደሆኑ አላወቁም፤ ሥራቸውን ለማግኘትም መጠየቅ ነበረባቸው። ከሦስት ዓመት በኋላ የአሜሪካ ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ።

ጠያቂዎቹ ምስጢራዊውን እንግዳ የሚያገኙት በድምፅ ብቻ አልነበረም። በዚያ ሳምንት በኒው ዮርክ ማን አዲስ ቴአትር እንደጀመረ፣ የማን ፊልም እንደሚመረቅ ጋዜጣ እያነበቡ ያውቃሉ፤ የአዳራሹ ጭብጨባ ርዝመትና የሴቶቹ ጩኸትም የራሱ ፍንጭ ነበር።

የመጨረሻው ምሽት ምስጢራዊ እንግዳ ራሱ ጆን ዴሊ ነበር። ፕሮግራሙ በቀጥታ የሚተላለፍ በመሆኑ የተጋበዘው ሰው ቢቀር ዴሊ በቦታው እንዲቀርብ ለአሥራ ሰባት ዓመት በመጠባበቂያነት ተይዞ ኖሯል፤ የሚያስፈልግበት ምሽት ግን ሳይመጣ በመሰናበቻው ዕለት ተራው ደረሰ። መሪው ራሱ ሲጠየቅ፣ ራሱ ለራሱ መልስ ሲያስተካክል ማየት ያስደስታል።

ጥያቄ፦ ጨዋታው በአሜሪካ ብቻ ነው የታየው?

መልስ፦ አይደለም። በብሪታንያ ቢ.ቢ.ሲ. ከ1951 እስከ 1963 አሳይቶታል። መሪው አየርላንዳዊው ኢሞን አንድሩስ ሲሆን፣ መጀመሪያ ላይ ከጊልበርት ሃርዲንግ ጋር እየተፈራረቁ እንዲመሩ ታስቦ ነበር፤ ሃርዲንግ የመራበት ምሽት የእንግዶች ሥራ ተቀያይሮበት ስለተበላሸ ወደ ጠያቂዎቹ ወንበር ተዛወረ፤ በዚያም ቁጡና ግልጽ አነጋገሩ ከመሪው ይልቅ ዝነኛ አደረገው። ብሪታንያውያን እስከ ዛሬ የሚያስታውሱት እንግዳ ግን ከሸክላ ፋብሪካ የመጣ ሠራተኛ ነው። ሸክላ ዕቃዎች በእሳት ሲተኮሱ የሚቀመጡበት መከላከያ ሣጥን አለ፤ የዚህ ሰው ሥራ የሣጥኑ ወለል የሚሆነውን ጭቃ በብረት ቀለበት ውስጥ አድርጎ በእንጨት መዶሻ እየደበደበ መጠፍጠፍ ነበር። እንዲህ ያለ ሥራ መኖሩን የሚያውቁት የፋብሪካው ሰዎች ብቻ ነበሩ።

በጀርመን ደግሞ «ቫስ ቢን ኢሽ?» በሚል ስም ሮበርት ሌምብከ ከ1955 ጀምሮ፣ በመካከሉ ለጥቂት ዓመታት ተቋርጦ፣ በ1989 እስኪሞት ድረስ መርቶታል። ጀርመኖቹ ሁለት ነገር ጨመሩበት፤ ሁለቱም ከመነሻው የተሻሉ ይመስሉኛል። አንደኛው፣ እንግዳው ሲጀምር በሥራው ላይ የሚያደርገውን አንድ የእጅ እንቅስቃሴ ያሳያል፤ እንቅስቃሴው እውነተኛ ሆኖ ሳለ ብዙ ጊዜ የሚያሳስት ነው። ሁለተኛው፣ በካርድ ፈንታ እንግዳው ከተለያየ ቀለም የአሳማ ቅርጽ ገንዘብ ማጠራቀሚያዎች አንዱን ይመርጣል፤ «አይደለም» በተባለ ቁጥር ሌምብከ ባለ 5 ማርክ ሳንቲም ይጥልበታል። የሳንቲሙ ድምፅ ለጠያቂዎቹ የስሕተታቸው ምልክት ሆኖ በመላው አገር ይታወቅ ነበር።

ጥያቄ፦ «አይቭ ጎት ኤ ሲክሬት» እና «ቱ ቴል ዘ ትሩዝ» የሚባሉትስ ከዚህ በምን ይለያሉ?

መልስ፦ ሦስቱም የጉድሰንና የቶድማን ናቸው። በ1952 የተጀመረው «አይቭ ጎት ኤ ሲክሬት» ጠያቂዎቹን የሚያስገምተው የእንግዳውን ሥራ ሳይሆን ምስጢሩን ነው። በ1956 የተጀመረው «ቱ ቴል ዘ ትሩዝ» ደግሞ ሦስት ሰዎችን አቅርቦ ሦስቱም በአንድ ስም ይጠራሉ፤ አንዱ እውነተኛ፣ ሁለቱ አስመሳዮች ናቸው። እውነተኛው እንዳይዋሽ ይገደዳል፤ አስመሳዮቹ ግን መዋሸት ይችላሉ፤ ጠያቂዎቹ ከመረጡ በኋላ እውነተኛው እንዲነሣ ይጠየቃል።

ከእነዚህ ፕሮግራሞች አንድ ምሽት ብቻ ለማየት ጊዜ ያለው ሰው የካቲት 9 ቀን 1956 የተላለፈውን «አይቭ ጎት ኤ ሲክሬት» ይመልከት። ሳሙኤል ሲይመር የተባሉ ከዘጠና አምስት ዓመት በላይ የሆናቸው አዛውንት፣ ወደ ኒው ዮርክ መጥተው ባረፉበት ሆቴል ወድቀው ዓይናቸው እንዳበጠ ቀረቡ። ምስጢራቸው በ1865 ፕሬዚዳንት ሊንከን በፎርድ ቴአትር ሲገደሉ በአዳራሹ ውስጥ መኖራቸው ነበር፤ ያን ጊዜ የአምስት ዓመት ልጅ ነበሩ። ልጅ እንደመሆናቸው የተገደለውን ሰው አላስተዋሉም፤ ያሳዘናቸው ከላይ ዘሎ መድረኩ ላይ የወደቀው ሰው ነበር፤ ገዳዩ መሆኑን የት ያውቃሉ። በቴሌቪዥን ከታዩ ከሁለት ወር በኋላ ዐርፈዋል። ለመዝናኛ የተሠራ ጨዋታ እንዲህ ያለ የዓይን ምስክር ቃል በፊልም ማስቀረቱን ሳስብ ለአዘጋጆቹ ያለኝ አክብሮት ይጨምራል።

ጥያቄ፦ የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ብፈልግ አጣሁ። የት ይገኛሉ?

መልስ፦ አብዛኞቹ የሉም። ፕሮግራሙ በቀጥታ ሲተላለፍ ከስክሪን ላይ በፊልም ይቀዳ ነበር፤ ጣቢያው ግን ፊልሞቹን ያስወግድ ነበር። ጉድሰንና ቶድማን ይህንን ሲሰሙ በ1952 ክረምት ገንዘብ ከፍለው እያንዳንዱ ምሽት እንዲቀመጥላቸው አደረጉ። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት ከታዩት ውስጥ አሥር ያህሉ ብቻ ተርፈዋል፤ የመጀመሪያዎቹ ሦስቱ ከእነዚህ መካከል ናቸው።

ጥያቄ፦ መምህርት ነኝ። ጨዋታውን ከተማሪዎቼ ጋር ለመጫወት ምን ማዘጋጀት አለብኝ?

መልስ፦ አሥር ካርዶችና አንድ ሰሌዳ ይበቃሉ፤ ከሁሉ በላይ ግን ጥሩ መሪ ያስፈልጋል፤ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ራስዎ ይሁኑ። ሥራው ሲመረጥ ከሚታወቁት ከሐኪምና ከአሽከርካሪ ይልቅ በቅርብ የማይታዩትን ይፈልጉ፤ የካርታ ሠሪ፣ የፒያኖ ቃኚ፣ የመብራት ቆጣሪ አንባቢ። የሚቻል ከሆነ ተማሪ ሥራውን ከሚያስመስል ይልቅ ሥራውን የሚሠራ ሰው ይጋብዙ፤ ተማሪዎቹ ካወቁት በኋላ ስለ ሥራው አምስት ደቂቃ ይንገራቸው። በዋናው ፕሮግራም ላይ እጅግ የጎደለው ይህ ነበር፤ ጊዜው ስለሚያጥር እንግዳው እንደታወቀ እጅ ጨብጦ ይወጣል።

የተቀሩት ተማሪዎች መልሱን አስቀድመው በጽሑፍ ይዩት፤ የሚጠይቁት አራቱ ብቻ ናቸው። መልሱን የሚያውቅ ተማሪ የጓደኛው ጥያቄ የት እንደሳተ ወይም ምን ያህል እንደቀረበ ስለሚያይ ከጠያቂዎቹ እኩል ይማራል። ሁለት ሕጎችንም አጥብቀው ይያዙ፦ በመልክ፣ በልብስና በአነጋገር ላይ የተመሠረተ ግምት አይፈቀድ፤ መሪው ደግሞ አጠራጣሪ ጥያቄ ሲመጣ ከእንግዳው ጋር ተመካክሮ ይመልስ። አሥር ካርድ ለታዳጊ ልጆች ከበዛ ስድስት ያድርጉት። አራቱን ጠያቂዎች በየዙሩ ይቀይሯቸው፤ የመጀመሪያዎቹን ጥያቄዎች ግን ሁልጊዜ ሥራው ከዕቃ ጋር ይሁን ከአገልግሎት ጋር፣ ሰው ወደ እንግዳው ይምጣ ወይም እንግዳው ወደ ሰው ይሂድ ከሚለው ቢጀምሩ ልጆቹ በቶሎ መንገዱን ይይዛሉ።